የሳፓርባይ የመቃብር አጥር እንዴት ሮኬት እንደሆነ

ለክቡር አቶ ዣንዶስ፣
የጥንታዊ ሮኬቶችና ሚሳይሎች ቅርስ ጉብኝት ጽሕፈት ቤት ዳይሬክተር

ክቡር ሆይ፣ እንደምን ሰንብተዋል? ጤናዎ ይጠበቅ፣ ቤተሰብዎ ደህና ይሁን፣ በጎች ካሉዎትም የዘንድሮውን በረዶ በሰላም ይውጡት። እኔ ሪስኩል እባላለሁ፤ በቆስቡላቅ መንደር ሠላሳ አንድ ዓመት ፖስታ ሳድል ኖሬ ጡረታ የወጣሁ፣ አምና በመስከረም ባሌን ሳፓርባይን የቀበርኩ ሴት ነኝ። እርስዎ እኔን ባያውቁኝም አጥሬን በሚገባ ያውቁታል፤ በሙዚየምዎ መግቢያ፣ ከመስታወት ኋላ፣ መብራት በርቶለት ቆሟል።

በቅድሚያ ላመሰግንዎ እወዳለሁ። ከድሮው የሮኬት ማስወንጨፊያ ወደ ሰማይ ከሚላከው ውስጥ ሰማይ ያልፈለገው ሁሉ እኛ ላይ ሲወድቅ ስልሳ ዓመት ሙሉ ጎብኝተውን የማያውቁ ሰዎች፣ ዛሬ በአውቶቡስ እየመጡ በራችንን ፎቶ ያነሳሉ። በዚያ ዘመን ስልክ ይደወልና ከቤት ውጡ እንባላለን፤ ከብቶቻችንን ይዘን ሜዳ ላይ እንቆማለን፤ ሰማዩ አጉረምርሞ ዝም ሲል ወንዶቹ በፈረስና በትራክተር ብረት ፍለጋ ይሽቀዳደማሉ። የበጎቻችን ገንዳ፣ የጢስ መውጫችን፣ የልጆቻችን የበረዶ መንሸራተቻ ሁሉ ከዚያ ብረት የተሠራ ነው። ሳፓርባይ በያጅ ነበርና፣ ብረቱ ቀላልና የማይዝግ መሆኑን አይቶ የራሱን የመቃብር አጥር ሳይቀር ገና በጉልምስናው ሠርቶ፣ ስሙን በይዶበት፣ ጫፉ ላይ ግማሽ ጨረቃ ሰክቶ ከበረቱ ጀርባ አቆመው። «ዕድሜዬን ሙሉ ላምሽ ስትረግጠኝ ኖራለች፤ ከሞትኩ በኋላ እንኳ ልረፍ» ይለኝ ነበር፤ አምናም በመቃብሩ ዙሪያ ተከልንለት።

እንግዲህ በትሕትና ወደ ቅሬታዬ ልለፍ።

አንደኛ፣ ያቺ ላም ራሷ ከሰማይ በወደቀ የሮኬት ቁራጭ ሞታለች። አቤቱታውን በገዛ እጄ አሽጌ ላክሁ፤ ዛሬ እርስዎ ከተቀመጡበት ሕንፃ፣ በዚያን ጊዜ ከነበረው መሥሪያ ቤት፣ ማኅተም ያረፈበት መልስ መጣ። «በቆስቡላቅ መንደር ከሰማይ የወደቀ ምንም ነገር የለም» ይላል። ሁለት መኮንኖችም መጥተው ይህንኑ አስፈረሙን። ሳፓርባይ ፈረመና «እንግዲያው ላሚቱ የሞተችው በሐሳብ ነዋ» አላቸው፤ አልሳቁም። ደብዳቤው በአደራ የመጣ ስለነበር በፖስታ ቤት ደንብ መሠረት በጥንቃቄ አስቀምጬዋለሁ።

ሁለተኛ፣ ስለ አስጎብኚዎ ስለ ወይዘሪት ሲምባት እውቀት አድናቆቴን ሳልገልጽ አላልፍም። ባለፈው ሰኔ ጎብኚዎቿን ይዛ ወደ መቃብር ሥፍራችን ወጣችና አጥሩን እያሳየች «ይህ የሚሳይል አካል ከወደቀበት ቀን ጀምሮ ሳይነካ እዚሁ ቆሟል» አለች። ግማሽ ጨረቃዋን ደግሞ «አንቴናው ነው» አለች። እረኛው ጎረቤቴ ቶቅታር ከፈረሱ ላይ ሆኖ ይሰማ ነበርና «ልጄ፣ ሮኬቷ ስትወድቅ የሳፓርባይን ስም ጽፋ ነው እንዴ የወደቀችው?» ብሎ ጠየቃት። እሷም ሳትደነግጥ «የሠራት መሐንዲስ ስም ይሆናል፣ አባባ» ብላ በማስታወሻዋ ጻፈችው። ዛሬ በመስታወቱ ሥር «መሐንዲስ ሳፓርባይ» የሚል ጽሑፍ አለ። በሕይወት ሳለ መንግሥት የብየዳ ፈቃድ ከልክሎት የነበረውን ሰው፣ ከሞተ በኋላ መሐንዲስ ስላደረገልኝ ምስጋናዬ ወሰን የለውም።

ሦስተኛው ከሁለቱም የከፋ ነው። በነሐሴ ልጄን ልጠይቅ ከተማ በሄድኩበት ሳምንት ሠራተኞችዎ መጥተው አጥሩን ነቅለው ጫኑ። የሚቃወም ሰው ቢኖር እንኳ ቅር እንዳይለው በማሰብ፣ «ለክቡር ለጋሹ» የሚል የምስጋና ወረቀት በመቃብሩ ላይ በድንጋይ ተጭኖ ቀርቷል። ለጋሹ አንብቦት እንደሆነ አላውቅም። እኔ ስመለስ የቶቅታር ላሞች አፈሩ ላይ ተኝተው አገኘኋቸው፤ ጉብታው በኮቴ ተጨፍልቆ፣ በራስጌው በኩል ተንዶ ነበር። ተቀምጬ አለቀስኩ። ይህን እንዴት በጨዋ ቋንቋ እንደሚጽፉት አላውቅበትም፣ ክቡር ሆይ፤ አርባ አራት ዓመት አብሬው የኖርኩት ሰው ነው፤ የጠየቀኝም ነገር ያቺ አንዲት ዕረፍት ብቻ ነበረች። ቶቅታርም ቆቡን አውልቆ «እትዬ፣ በአላህ ይዤሻለሁ፣ አጥር ስለሌለው እኮ ነው፤ ላም ምን ታውቃለች» አለኝ። እውነቱን ነው፣ ላም አታውቅም።

ስለዚህ የምለምንዎ ነገር ቀላል ነው። ከዚያው ሕንፃዎ የወጣው፣ ማኅተም ያረፈበት ደብዳቤ በመንደራችን ምንም እንዳልወደቀ ይመሰክራል። ምንም ካልወደቀ በመስታወትዎ ውስጥ ያለው ሮኬት አይደለም፤ የአንድ በያጅ የመቃብር አጥር ነው፣ ይመልሱልኝ። ሮኬት ነው ካሉ ደግሞ ላሜን የገደላት የእሱ ወገን ነውና፣ «ያኔ ሐሰት ጽፈን አስፈርመናችኋል» ብለው በዚያው ማኅተም ይጻፉልኝ። ከሁለቱ የወደዱትን ይምረጡ፤ እኔ መቸኮል አልወድም፣ የሙት ዓመቱ ግን መስከረም ሃያ ነው።

ለጥንታዊ ብረት ያለዎት ፍቅር ለሰውም እንዲተርፍ እየተመኘሁ፣ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እጅ እነሳለሁ።

ሪስኩል፣ የመሐንዲስ ሳፓርባይ ባለቤት

ድኅረ ጽሑፍ፦ እስከዚያ ቀን አጥሩ ካልተመለሰ አይጨነቁ፤ በእኛ ልማድ የሙት ዓመት ቁርዓን የሚቀራው ከሟቹ አጥር አጠገብ ነውና አርባ አባወራ ሆነን፣ ለድግሱ የታረደውን የፈረስ ሥጋችንንና ጣባችንን ይዘን ወደ ሙዚየምዎ እንመጣለን። ወይዘሪት ሲምባት ቦታ ትያዝልን። ዱዓውን ጮክ ብለን ነው የምናደርገው፤ ሳፓርባይ እዚያ ስለሌለ፣ በአንቴናው በኩል ይደርሰው እንደሆነ እናያለን።