የክንፉን ማዕድ ያላነሱት የወይዘሮ ሜቪስ ደንት የሕይወት ታሪክ

ወይዘሮ ሜቪስ ደንት ከብረት ቀጥቃጩ ከአቶ ዋልተር ብሉምፊልድና ከወይዘሮ ኤልሲ ኪብል በኖርፎክ፣ ትሬንሻም መንደር፣ በመጋቢት 1924 እ.ኤ.አ. ተወለዱ። በመንደሩ ትምህርት ቤት እስከ ዐሥራ አራት ዓመታቸው ተማሩ። ከመምህራኑ ይልቅ ግን የእናታቸው ትምህርት ሠርጾባቸው ነበር፦ ሰው ከቤት ሲወጣ ሳይሰናበቱ መሸኘት ነውር ነው።

በ1943 «ክንፍ» የሚባለው የአየር ኃይሉ የቦምብ ጣይ አውሮፕላኖች ክፍል የመንደሩን የገብስ ማሳ ደልድሎ ሰፈረበት። አውሮፕላኖቹ ንጋት ላይ ተከታትለው ሲነሡ የቤተ ክርስቲያኑ መስተዋት ይንቀጠቀጣል፤ ምድሪቱ ከጫማ ሥር እንደ ከበሮ ቆዳ ትርገበገባለች። ሽማግሌዎች ባርኔጣቸውን አውልቀው ይቆሙ ነበር፤ ያዘዛቸው ሰው አልነበረም።

ወይዘሮ ሜቪስ በዚያው ዓመት ተቀጥረው በበራሪዎቹ መመገቢያ አዳራሽ አስተናጋጅ ሆኑ። ያኔ በጦርነቱ እጥረት ሕዝቡ የሚበላው የእንቁላል ዱቄት ነበር። ከዘመቻ ለተመለሰ በራሪ ግን እውነተኛ እንቁላል ይጠበስለታል። በክንፉ ደንብ ደግሞ የተሰናበቱት አይመለስም ይባላልና ለዘማች ደህና ሁን አይባልም፤ «እንቁላሉ ላይ እንገናኝ» ተባብሎ መለያየት ነው።

ይህን ለአዲሷ ልጅ የነገራት አልነበረም። በመጀመሪያው ሳምንት ለሚወጡት አራት ጓደኛሞች ወይዘሮ ሜቪስ በእናታቸው ወግ ጎንበስ ብለው «ደህና ሁኑ» አሏቸው።

ከአራቱ አንዱ፣ ተኳሹ ሌስሊ ደንት፣ ፊቱ አመድ መስሎ ዞረ። «ምነው እቴ? እንቁላሌን ለማን ልትሰጪብኝ ነው?»

«ለእኔ ነዋ!» አለ ጓደኛው። ሳቁ፤ ሳቃቸው ግን በሩን አልተሻገረም።

ረፋዱ ላይ ክንፉ ተመለሰ። የእነ ሌስሊ አውሮፕላን አልነበረችበትም። የወጥ ቤቱ አለቃ ሳጅን ግላዲስ፣ «አንሺው እንግዲህ፣ ልጄ» አሉ። ወይዘሮ ሜቪስ ለአራቱ እንቁላል ከቀረበባቸው ሳሕኖች ፊት ቆመው፣ «ቃሉ ከእኔ አፍ የወጣ ነው፤ አላነሣም» አሉ። አንድ በራሪ እንደ ልማዱ፣ «ካልመጣ ልብላለት» ብሎ እጁን ቢሰድ ጭልፋ አነሡበት። ሌሎቹም በልተው ሲወጡ ገበታውን እንደ ታቦት ዞረው አለፉ።

ከሰዓት በኋላ አንድ የጭነት መኪና አራቱን አራገፈ። ሞተራቸው ነድዶ ከባሕሩ ጠረፍ ካለ ሌላ የአውሮፕላን ሜዳ አርፈው ኖሯል። ሌስሊ ክንዱ ታስሮ ገባና ሳሕኑን አየ። «ቀዘቀዘ?»

«ማን አርፍድ አለህ?» አሉት፤ ከዚያ በኋላ ነው ያለቀሱት።

ያልተመለሱ ብዙዎች ነበሩ። የእነርሱን ሳሕን ያነሡትም እነዚያው እጆች ናቸው፤ ስለዚያ ግን አንድም ቀን አላወሩም። የክንፉን ታሪክ የጻፉ ሊቃውንት የአዛዡን ውሻ ስም ሳይቀር መዝግበዋል፤ ለወይዘሮ ሜቪስ ስም ግን ቦታ ጠቧቸዋል። እንግዲህ እዚህ ይጻፍ።

በ1944 ክንፉ ባሕር ተሻግሮ ሄደ፤ ጦርነቱ ሲያበቃም ተበተነ፤ ማሳው ወደ ገብሱ ተመለሰ። በ1946 ወይዘሮ ሜቪስና አቶ ሌስሊ ጋብቻ ፈጽመው ጆይስንና ሮላንድን ወለዱ። በዚያ ቤት ለትምህርት ቤትም ሆነ ለገበያ ለሚወጣ ደህና ሁን ተብሎ አያውቅም። በ1991 አቶ ሌስሊ ሲያርፉ እንኳ በጆሯቸው የተነገረው ያው የእንቁላሉ ቃል ነበር።

ወይዘሮ ሜቪስ በልብ ድካም ሲታመሙ ቆይተው፣ ሐኪሙ ቤተሰቡን «ተሰናበቷቸው» ባለ ጊዜ ዓይናቸውን ገለጥ አድርገው፣ «ማን አባቱ ነው የሚሰናበተኝ!» አሉ። በማግስቱ፣ የካቲት 9 ቀን 2016 እ.ኤ.አ.፣ ንጋት ላይ በዘጠና አንድ ዓመታቸው ዐረፉ። ሁለት ልጆች፣ አምስት የልጅ ልጆችና ሦስት የልጅ ልጅ ልጆች ትተዋል።

ያንን ማሳ ያናወጠውን ድምፅ የሰማ አምላክ ነፍሳቸውን በማይነሣ ማዕድ ያስቀምጥልን። ቀባሪዎች ሆይ፣ መቃብሩ አፋፍ ላይ ማንም ደህና ሁኚ እንዳይል ቤተሰቡ አጥብቆ ይለምናል።

እማማ ሜቪስ፣ እንቁላሉ ላይ እንገናኝ።