አርዳሊን፣ ከውኃው በታች

…አንቺ ክንዴ ላይ ተኝተሻል፤ ቄሱ ሁለተኛ ጠየቁኝ። የመጀመሪያውን እንዳልሰማሁ ሆኜ ነበር። አባቴ ከኋላዬ ባለው አግዳሚ ቆባቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ተቀምጠዋል። ወንድሜ አምብሮስ ግድግዳው ጋ ቆሟል። እኔ ደግሞ ስምሽን አፌ ውስጥ ይዤ…

ይቅርታ፣ ከመሃል ጀመርኩብሽ። ደብዳቤሽ ከደረሰኝ ወዲህ ሌላ ነገር አላስብም፤ ብዕር ሳነሳ እጄ እዚያው ሄደ።

የተወደድሽው የክርስትና ልጄ፣ እንዴት ከርመሻል? ሕፃኗስ? ጡት በደንብ ይዛለች? ባልሽ ከነዳጅ ማውጫው እየመጣ ያርፋል ወይስ ስታድግ ነው የሚያያት? የአልበርታ ብርድ ደረቅ ነው ሲሉ እሰማለሁ። እኛ ዘንድ ጉሙ እንዳለ ነው፤ የታጠበ ልብስ ከነእርጥበቱ ይለበሳል። እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ። አምብሮስ ደህና አይደለም። ወደ እሱ እመለሳለሁ።

የጠየቅሽኝ ስለ ስምሽ ነው። ለልጅሽም ልታወጪላት ፈልገሽ ባልሽ የስም መጽሐፍ አገላብጦ አጣው። «ምን ማለት እንደሆነ የማይታወቅ ስም ልጄ ላይ አልለጥፍም» አለ። እናትሽን ከመሞቷ በፊት ብትጠይቂያት «የክርስትና እናትሽን ጠይቂ፤ ቄስ ፊት የወሰደችው እሷ ናት» አለችሽ። እናትሽ እንዲህ ነበረች። ከልጅነታችን ጀምሮ ከባዱን ዕቃ የምታሸክመው እኔን ነው።

ትርጉሙ አያስቸግርም። አርዳሊን ቦታ ናት። የአያቴ አባት ከአየርላንድ ሲመጡ ትተዋት የመጡ መንደር ነበረች፤ «ውብ ከፍታ» ማለት ነው ይሉ ነበር አሉ። እኛ የተወለድንባት ደሴት ላይ ከሰፈሩ በኋላ ከባሕሩ መሃል፣ ከውኃው በታች፣ አንድ ኮረብታ አገኙ። ማንም አያየውም። ዓሣው ግን እዚያ ላይ ይሰበሰባል። የሌላው መንጠቆ ባዶውን ሲወጣ የእኛ ጀልባ ሞልታ ትገባ ነበር። ያንን ኮረብታ አርዳሊን አሉት።

ካርታ ላይ የለም። የሚገኘው በየብስ ላይ ያሉ ምልክቶችን ከጀልባ ላይ ሆኖ በማሰለፍ ነው። እያንዳንዱ ቤት የራሱ እንዲህ ያለ ቦታ ነበረው፤ ምልክቱንም ስሙንም ከቤቱ ሰው በቀር ማንም አይሰማም። ጎረቤት ከኋላ ከተከተለን አባቴ ዓሣ በሌለበት መልሕቅ ጥለው እያፏጩ ይውላሉ። ሚስት እንኳ የሌላ ቤት ልጅ ናትና፣ ለወንድሞቿ ታወራለች ተብሎ አይነገራትም። እናቴ ሳታውቀው ሞተች። እኔ ያወቅሁት አምብሮስ ክንዱ በተሰበረበት በጋ መሪ የሚይዝ ሰው ስለጠፋ ነው። አባቴ ገና ሳልሳፈር «ይህ ስም ከአፍሽ ከወጣ አንቺም ከቤቴ ወጥተሻል» አሉኝ። አባቴ፣ አምብሮስና እኔ። ሌላ የሚያውቅ አልነበረም።

አልነበረም ብዬ ነበር።

አንቺ የተወለድሽው መንግሥት ደሴቶቹን ልቀቁ ባለን ዓመት ነው። ግማሹ ሰው ቤቱን እንዲንሳፈፍ ባዶ በርሜል ላይ አስሮ በባሕር እየጎተተ ሄዷል። እናትሽ ገና ከአልጋ አልተነሳችም። ያን ጊዜ እናት ወደ ጥምቀቱ አትሄድም፤ ልጁን ታቅፋ የምትሄደውም፣ ስሙን ለቄስ የምትናገረውም የክርስትና እናቲቱ ናት። ጎንበስ ብዬ «ማን ልበላቸው?» አልኳት። ነገረችኝ። «ምን?» አልኳት። ደገመችው። ከማን እንደሰማችው አልጠየቅኋትም። ባሏ ሲረል አጠገባችን ጫማውን እያሰረ «ከሬዲዮ ድራማ ሰምታ ነው! ይህች ሴት ያገባችው እኔን ሳይሆን ሬዲዮውን ነው» ብሎ ሳቀ። እሷ አልሳቀችም። እጅጌዬን ይዛ «እንዳትቀይሪው» አለችኝ።

መንገዱን ሁሉ ልቀይረው እያሰብኩ ሄድኩ። ካትሪን ብል ማን ይጠይቀኛል? ሕፃን ምን ያውቃል? ሲረል ደስ ብሎት ከፊቴ ፊቴ ይሄዳል።

እና ቄሱ ሁለተኛ ጠየቁኝ፣ ተናገርኩ።

«የየትኛዋ ቅድስት ስም ነው?» አሉ። የማንም አልኳቸው። «እንግዲያው ሜሪ ይቅደመው» ብለው አጠመቁሽ። ከኋላ አንዷ አሮጊት ጮክ ብላ «የሳል ሽሮፕ ስም ይመስላል» አለች። እህቷ ተቀብላ «ከምግብ በፊት ነው በኋላ የሚወሰደው?» አለቻት። ሰው ሁሉ ሳቀ፤ ሲረልም ሳቀ። አባቴ አልሳቁም። ቀስ ብለው ዞረው አምብሮስን አዩት። አምብሮስ ወለሉን ያይ ነበር።

ከዚያ በኋላ አባትና ልጅ በአንድ ጀልባ እየወጡ ከሥራ በቀር ሌላ ቃል አልተነጋገሩም። እኔን ከቤት አላስወጡኝም። ስምሽን ግን አንድም ቀን አልጠሩም፤ «የሲረል ልጅ» ይሉሽ ነበር። መኸር ሲሆን ከደረቀው ዓሣ ምርጡን ለይተው «ለእነ ሲረል ውሰጂላቸው» የሚሉኝም እርሳቸው ነበሩ። አምብሮስም ሚስት አላገባም።

ሲረል መልካም አባት ነበር። ይህን ማንም አይነካውም፤ እኔም አልነካሁትም። ነካሁት እንዴ? ከላይ ያለውን ደግሜ አነበብኩት። የጻፍኩት ስለ ስም ብቻ ነው።

እኛም ደሴቱን ለቀን ከሄድን በኋላ የቤተ ክርስቲያኑን ማማ አፍርሰው ጣውላውን ወሰዱት፤ ከምልክቶቹ አንዱ እሱ ነበር። ቆይቶ ዓሣ ማጥመዱም በአዋጅ ተዘጋ። አምብሮስ ግን በየበጋው ወደ ደሴቱ እየሄደ ማማው የነበረበት ቦታ ላይ ድንጋይ ይከምራል። ለምን ስለው «መቃብሮቹን ላጸዳ ነው» ይለኛል። አሁን ክምሩ ከሩቅ ይታያል።

እንግዲህ ስሚኝ። የድንጋይ ክምሩን ከቀዩ ገደል ጫፍ ጋር አጋጥሚው። በሌላው ወገን ሁለቱ ጉብታዎች አንዱ ሌላውን ሸፍኖት አንድ እስኪመስሉ ሂጂ። መልሕቅሽን እዚያ ጣይ። ለባልሽ አታሳዪው፤ የሌላ ቤት ሰው ነው። ልጅሽ ስታድግ ንገሪያት።

አንቺ እንደ ሰፈሩ ልጅ ሁሉ አጎቴ የምትዪው አምብሮስ ሳንባው ታሟል። ሐኪሙ ለእኔ የነገረኝን ለእሱ አልነገረውም፣ እሱም አልጠየቀም። ጥምቀቱን እዚህ ብታደርጉት ደስ ይለኛል። በጋ ይሁን ብለሽ ጽፈሻል። በጋ ሩቅ ነው፣ ልጄ። በረዶው ሳይቀልጥ ነይ። ይህን እሱ አላለኝም፤ ከሰው ምንም ለምኖ አያውቅም።

ሕፃኗ ጠግባ ትደር። ጉሙ ከመንገድሽ ይነሣ። እመቤታችን እጇን እጅሽ ላይ አድርጋ መሪሽን ትያዝልሽ።

የክርስትና እናትሽ

ከፈረምኩ በኋላ አምብሮስ እየሳለ ከክፍሉ ወጣ። ለማን እንደምጽፍ ጠየቀኝ። ስምሽን ጠራሁለት። መነጽሩን አድርጎ ከትከሻዬ በላይ ይህን ገጽ አነበበው፤ ቀስ እያለ፣ እስከ መጨረሻው። ይቆጣል ብዬ ነበር። «ተሳስተሻል» አለ። «ክምሩና ገደሉ መነካካት የለባቸውም። በመካከላቸው ትንሽ ሰማይ መታየት አለበት፤ ካልታየ አልፋው ትሄዳለች። አንድ በጋ መሪ ይዘሽ አዋቂ ሆንሽ? አስተካክይላት።» እኔም ይኸው፦ በመካከላቸው ትንሽ ሰማይ ይታይ።

ቆቡን አደረገ። ወዴት ነው በዚህ ብርድ፣ አልኩት። በመስኮቱ ወደ ደሴቱ በኩል አየና ወጣ። በሩ ተዘጋ።