የውሃ አደራ

ይድረስ ለወንድሜ፣

እንደምን ከርመሃል? ያ የግራ ጉልበትህስ፣ ዝናብ ሊመጣ ሲል ዛሬም ይነግርሃል? እኔ ደህና ነኝ። ሁለት ጥርስ ነቅለውልኛል፤ ሌላ የጎደለብኝ የለም። በየገናው በምትልከው ደብዳቤ የምትጠይቀኝ አንድ ነገር ብቻ ስለሆነ እሱን አስቀድሜ ልመልስልህ፦ ውሃው ስድስተኛው ደረጃ ላይ ነው። ሰባተኛውን ከነካ ዶሮዎቹን ጣሪያው ሥር አወጣቸዋለሁ።

የኳስ ሜዳው ከሚያዝያ ጀምሮ የለም። እሑድ ከሰዓት በታንኳ አልፌበት ነበር። ነፋስ ስላልነበረ ውሃው ጠልሎ ሣሩ ከታች ይታያል፤ እንደ ተበጠረ ፀጉር ወደ አንድ ወገን ተኝቷል። ጎሉ በነበረበት ቦታ ዓሣዎች ይገባሉ፣ ይወጣሉ፤ የሚይዛቸው የለም። መቅዘፊያዬን አንሥቼ ዝም ብዬ ተንሳፈፍኩ። አንተ ትቆምበት የነበረው ቦታ ስደርስ ሳላስበው አንገቴን ሰበር አደረግኩ፣ ኳስ የሚመጣብኝ ይመስል።

የምጽፍልህ ግን ስለ ሜዳው አይደለም። ማክሰኞ የአደራው ታንኳ እኛ ቤት ቆመ።

አዎ፣ እኛ ቤት። ከሃያ ሁለት ዓመት በኋላ።

ልጆች ሳለን የክለባችንን የቬንቶ ጄራልን ቢሮ ፈልጎ ከቤሌም ከተማ የመጣው ጋዜጠኛ ትዝ ይልሃል? ሰውየው ላቡን እየጠረገ ክለቡ የት እንደሆነ ሲጠይቅ፣ አባባ ወንበሩን እንኳ ሳይለቅ፣ "ውሃ ሲሞላ በየቤቱ ነው፤ ውሃ ሲጎድል ና" አለው። እውነቱን ነበር። ዛሬም እንደዚያው ነን። ውሃው ሲመጣ የአደራው ታንኳ ይዞራል፤ የጎሉ ቋሚዎች ወደ ዳቦ ጋጋሪው፣ ያቺ አንዲት ዋንጫ ወደ አዋላጇ፣ ማሊያው ወደ ቄሱ ቤት ይሄዳል። ሲጎድል ሁሉም በቤቱ ያደረውን ተሸክሞ ይመጣል፤ ክለቡም እንደገና ክለብ ይሆናል። አባባ ሊቀመንበር በነበረበት አሥራ ዘጠኝ ዓመት አንድ ካልሲ ጎድሎ አያውቅም። እኛ ቤት ያደረው የመዝገቡ ሳጥን እስኪጎድል ድረስ።

ከዚያ ወዲህ ታንኳው በመስኮታችን ሥር ሳይቆም ነበር የሚያልፈው። አባባ ግን በየዓመቱ ያን ቀን ጢሙን ተላጭቶ፣ ነጭ ሸሚዙን ለብሶ መስኮቱ ላይ ይቀመጥ ነበር። ቀዛፊዎቹ ባርኔጣቸውን ያነሡለታል፤ ያልፋሉ። እሱም ሸሚዙን አውልቆ ያጥፈዋል። በጥር መሞቱን ስጽፍልህ ይህን አልነገርኩህም። ያልመጣህበትንም አልጠየቅኩህም፤ አልጠይቅህምም።

ማክሰኞ እንግዲህ ልብስ እያሰጣሁ ነበር። ኒቫልዶ፣ ዳቦ ጋጋሪው፣ ገና ከሩቅ፣ "ዳልቫ! ዓሣ ሸቶኛል፣ ሳህን አቅርቢ!" ብሎ ጮኸ። እኔም፣ "አንተን ኳስ ያልፍሃል፣ ዓሣውም ይለፍህ" አልኩት። ሲስቅ ታንኳው ተወዛወዘ። የሚያልፉ መስሎኝ ነበር። ገመዳቸውን ደረጃችን ላይ ሲያስሩ ነው ልብሱ ከእጄ የወደቀው።

ከፊት የተቀመጡት ጋሽ ቤሊዛሪዮ ነበሩ፤ ከእሳቸው በቀር የአባባ ጓደኛ በሕይወት የለም። ዘንድሮ የክለቡ መቶኛ ዓመት ስለሆነ ጉባኤው እንደተስማማ፣ የሟች ቤት ባዶ አይቅር እንደተባለ፣ የጎሉን መረብ እንዳመጡልኝ ነገሩኝ። ከዚያ ዓይናቸውን ውሃው ላይ አድርገው፣ "ስም ስትጠሪ ግን፣ ልጄ፣ ያንቺን ብቻ ጥሪ" አሉኝ።

ሕጉን ታውቀዋለህ። የቤቱ ሰው ሁሉ፣ ቅርብም ይሁን ሩቅ፣ ስሙ ሳይጠራ አደራው ከታንኳ አይወርድም። የተጠራ የክለቡ ሰው ነው፤ ያልተጠራ አይደለም። ሌላ መታወቂያ የለንም።

ደረጃው ላይ ቆሜ ያ ምሳ መጣብኝ። ዝናብ ነበር። እንዳትነካው የተባልከውን ሳጥን ከፍተህ፣ መዝገቡን እንደ ቄስ ከፍ አድርገህ ማንበብ ጀመርክ። አባባ በየዓመቱ በምሥረታው በዓል የሚናገረውን ሁላችንም በቃላችን እናውቀው ነበር፦ አያታችን የመጀመሪያው አምበል፣ አሥራ አንዱም የዚህ ዳርቻ ልጆች፣ ከማዶ አንድም ሰው ያልነካው ክለብ። መዝገቡ ሌላ አለ። ከአሥራ አንዱ ሰባቱ የማዶ ሰዎች ነበሩ፤ በኋላ ባላንጣችንን ኦሪየንቺን ያቋቋሙት። የአያታችን ስም በግርጌ፣ በትንሽ ጽሑፍ ነበር፦ ሰባቱን ያሻገረ ቀዛፊ።

አንተ እየሳቅክ፣ "አባባ፣ አምበሉ እኮ ቀዛፊ ነው! ለዚያውም የኦሪየንቺዎች!" አልክ። እኔም ሳቅኩ። እማማ፣ ነፍሷን ይማርና፣ አልሳቀችም። አባባ የዓሣውን እሾህ አንድ በአንድ ለቅሞ ጨረሰ፣ እጁን ታጠበ፣ ዝናቡ ላይ አፈጠጠ።

ከምሳ በኋላ ሁላችንም ተኛን። እኔ እንቅልፍ አልወሰደኝም። ሳጥኑ ወለሉ ላይ ሲጎተት ሰማሁ፤ ቀጥሎ የመቅዘፊያ ድምፅ። ቆይቼ ዓይኔን ስገልጥ የአባባ ባርኔጣ ምስማሩ ላይ ተሰቅሎ ይንጠባጠብ ነበር። አንተም ተንጠልጣይ አልጋህ ውስጥ ሆነህ ጠብታውን ታያለህ። ተያየን። ዓርብ ወደ ማናውስ ከተማ የሚሄደው ጀልባ ሲመጣ፣ ለማንም ሳትናገር፣ ሳንቲም ሳትጠይቅ ተሳፈርክ። ሐምሌ ላይ ሳጥኑ ሲጠየቅ አገሩ ሁሉ መልሱን ለራሱ አገኘ። የቤሌምን ትልቅ ክለብ ዜሮ ለዜሮ ያቆመው እጅ፣ ያችን ፍፁም ቅጣት ምት ያወጣው እጅ፣ አደራ በላ ተባለ። ለኦሪየንቺ ሸጦት ነው አሉ። ዳቦ ቤቱ ውስጥ በተሰቀለው የቡድኑ ፎቶግራፍ ላይ ፊትህን የቅዱስ ጴጥሮስ ምስል ለጥፈውበታል። ሃያ ሁለት ዓመት በረኛችን ቅዱስ ጴጥሮስ ነው።

እኔም ዝም አልኩ። አባባ እያለ አፌ አልከፈት አለ። ይህን ይቅር በለኝ አልልህም፤ እንድታውቀው ብቻ ነው።

እና ማክሰኞ ስም ጠራሁ። ያንተን አስቀደምኩ።

መረቡን ሊያነሡ ያጎነበሱት ቀና አሉ። ኒቫልዶ ሳቁን ውጦ፣ "ዳልቫ፣ እሱ ሌባ ነው፤ መረቡን ይዘን እንመለስ?" አለኝ። ሳጥኑን ያጠፋሁት እኔ ነኝ አልኩት። ወደ ጣሪያው ላወጣው ስሞክር ከእጄ አምልጦ ውሃው እንደወሰደው፣ ፈርቼ እንደዋሸሁ ነገርኩት። ኒቫልዶ ውሃው ላይ ተፋ። "ሃያ ሁለት ዓመት?" አለ። "ወንድምሽን?"

ጋሽ ቤሊዛሪዮ ወደ እኔ አልተመለከቱም። በመስኮቱ ወደ ቤት ውስጥ አሻግረው ያያሉ። ባርኔጣው ዛሬም ምስማሩ ላይ ነው። ከዚያ ቀስ ብለው፣ "እኔ ነኝ ያን ሳጥን ከሠሪው ቤት ያመጣሁት" አሉ። "ሁለት ሰው ነው የሚያነሣው። ወይም አንድ የተናደደ ሰው።"

ውሃው ደረጃውን ይልሳል።

"አውርዱላት" አሉ። "ስም ተጠርቷል።"

መረቡ አሁን ከጣሪያው ተሰቅሏል፤ ከሥሩ ነው የምተኛው። ቀትር ላይ ብርሃን ከውሃው እየነጠረ ጥላውን በግድግዳው ላይ ያመላልሰዋል፣ እኔም አሸልባለሁ። በሕልሜ ጨዋታው ከውሃ በታች ነው። ኳሷ አትቸኩልም። አንተ ወደ ግራ ትዘረጋለህ፣ ትዘረጋለህ፣ እስክነቃ ድረስ አታርፍም።

ከሴቶቹ አንዳንዶቹ ሰላምታ አቁመዋል። እለምደዋለሁ፤ እንደሚለመድ ከማንም በላይ የምታውቀው አንተ ነህ። አባባን በክፉ የሚያነሣው ግን የለም።

ትናንት ዳቦ ልገዛ ሄጄ ነበር። ኒቫልዶ አላናገረኝም። ፎቶግራፉን ከግድግዳው አውርዶ፣ ጨርቅ በውሃ እያራሰ ቅዱስ ጴጥሮስን በጥፍሩ ይልጣል። እንዳይቀደድ ቀስ ብሎ ነው። አገጭህ ወጥቷል።

ሐምሌ ላይ ውሃው ይጎድላል። ሕጉ የተጠሩት ሁሉ ተሸክመው ይመልሱ ነው የሚለው። መረቡ ከባድ ነው፤ ብቻዬን አልችለውም።

መንገድህን ወንዙ ያቅናልህ፣ ጉልበትህን እግዜር ይጠግንልህ፣ በር ላይ የሚጠብቅህ አይጥፋ። ስድስተኛው ደረጃ ላሽቋል፤ ስትወጣ በግራ በኩል ርገጥ።

እህትህ