ዓርብ ስለተፈረመው የእሑድ ሰላም

ለተከበሩ የእሳተ ገሞራ ክትትል ጽሕፈት ቤት ኃላፊ
ባሉበት

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ እንደምን ሰንብተዋል እላለሁ፤ በተለይም ሳንባዎ፣ ዓይንዎና የቢሮዎ መስኮት ከአመዱ ተርፈው በደህና እንደሚገኙ በመስማቴ ደስታዬ ወሰን የለውም። እኔ የበታችዎ፣ የተራራውን ትርታ የሚጽፈው መርፌ ሥር ዘጠኝ ዓመት የተቀመጥኩት ቴክኒሻን፣ ከግርጌው መንደር ይዤው ከተመለስኩት ሳል በስተቀር ደህና ነኝ። እንቅልፌም ደህና ነው ብዬ ግን አልዋሽዎትም፤ እስካሁን የዋሸሁት ይበቃል።

ይህን በአደባባይ የምጽፍልዎ፣ ምስጋናዬ መዝገብ ቤት ገብቶ አቧራ እንዳይጠጣ ብዬ ነው። ባለፈው ሳምንት በሠራተኛው ሁሉ ፊት «የዕለት ቅጽ አንድም ቀን ላላጓደለ ታማኝ ሠራተኛ» የሚል የምስክር ወረቀት በክቡር እጅዎ ሰጥተውኛል። እውነት ነው፣ አላጓደልኩም። ከሁለት ወር በፊት ተራራው በፈነዳበት እሑድ እንኳ ቅጹ በሰዓቱ ደርሷል። እንዲያውም ዓርብ ከምሳ በኋላ ተሞልቶ አልቆ ነበር።

ነገሩን ለማያውቅ አንባቢ ላስረዳ። ጽሕፈት ቤታችን በየማለዳው ስለ ተራራው ሁኔታ አንድ ገጽ ቅጽ ሞልቶ ለአየር ማረፊያውና ለግርጌው መንደሮች ይልካል። አየር ማረፊያው ያንን አይቶ አውሮፕላኖቹን በተራራው አናት ያሳልፋል ወይም ያዞራል፤ መንደሮቹም የትምህርት ቤታቸው ምሰሶ ላይ አረንጓዴ ወይም ቀይ ጨርቅ ይሰቅላሉ። ቅዳሜና እሑድ ቢሮ ስለማንገባ የሁለቱን ቀን ቅጽ ዓርብ ከሰዓት «መደበኛ» ብለን ሞልተን እንፈርማለን፤ ዘበኛው ቀኑ ሲደርስ ይልከዋል። ልማዱን ማን እንደጀመረው አላውቅም። ስቀጠር ነበረ፣ እኔም ሳልጠይቅ ወረስኩት። ተራራውም እንደ መንግሥት ሠራተኛ ቅዳሜና እሑድ የሚያርፍ መስሎን ኖርን።

አሁን ወደ ዝርዝሩ ልግባ።

አንደኛ፣ የተራራውን አፍ እንድታይ የተገዛችውን ካሜራ፣ የመኪናዎ ስፖኪዮ በተሰረቀ ማግስት አስነቅለው ወደ መኪና ማቆሚያው ስላዞሯት አመሰግናለሁ። ከዚያ ወዲህ አንድም ስፖኪዮ አልጠፋም። የዚያን እሑድ ምስልም ተቀምጧል፤ ባዶ ማቆሚያ ላይ አመድ ሲወርድ ጥርት ብሎ ይታያል።

ሁለተኛ፣ ተዳፋቱ ላይ ከተተከሉት ሦስት የትርታ መመዝገቢያዎች የሁለቱ ባትሪ ከሞተ ዓመት ሊሞላው መሆኑን አሥራ አንድ ጊዜ በጽሑፍ ባመለክት፣ ለአሥራ አንዱም «ደርሶናል» የሚል መልስ ስላልነፈጉኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው። አጣሪ ኮሚቴዎም ተራራው «ያለ ቅድመ ማስታወቂያ» መፈንዳቱን አረጋግጦ ጥፋቱን በተራራው ላይ ማድረጉ ብልህነት ነው። ተራራ ይግባኝ አይልም።

ሦስተኛ፣ ያን ዓርብ ጠዋት፣ የቀረችን አንዲት መርፌ፣ የተራራው ትርታ ሲበረታ እንደምታደርገው፣ መስመሯን እያወፈረች መምጣቷን ወረቀቱን ይዤ ባሳየሁዎ ጊዜ፣ ሻንጣዎን አንጠልጥለው ወደ አደጋ ዝግጁነት ስብሰባ እየወጡ ነበርና «ሰኞ እናየዋለን» ብለው አረጋጉኝ። ሰኞ አየነው። አንድ ሞተሩ አየር ላይ የጠፋበት፣ አመዱ የፊት መስታወቱን እንደ ብርጭቆ ወረቀት የፋቀበት፣ መንገደኞቹን በቀረው ሞተር እንደ ምንም ያሳረፈው አብራሪም ሰኞ ሊያየን መጣ። የእሑዱን ቅጽ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ የፈረመው ማን እንደሆነ ሲጠይቅ፣ እርስዎ «ሲስተሙ ነው» አሉት። እኔ አንገቴን ደፍቼ ሻዬን አማሰልኩ። ሻዩ ስኳር አልነበረውም።

አራተኛው ቅሬታዬ በእርስዎ ላይ አይደለምና በትዕግሥት ያሳልፉልኝ።

ታላቅ እህቴ ተራራው ግርጌ ትኖራለች። ያን ዓርብ ወደ ቢሮዎ ከመምጣቴ በፊት ደውላ «አንተ፣ የጉድጓዱ ውሃ ለብ ብሏል፤ ውሾቹም አልተኛም አሉ። ምንድን ነው ነገሩ?» አለችኝ። ወረቀቱን ይዤ የሮጥኩት ለዚህ ነበር። እርስዎ «ሰኞ» ካሉኝ በኋላ ምሳዬን በላሁ፤ የሁለቱን ቀን ቅጽ ፈረምኩ፤ ከዚያ መልሼ ደወልኩና «እትዬ፣ ምንም የለም፤ እኔ እያለሁ ምን ያሳስብሻል?» አልኳት። ይህን በል ብሎ ያዘዘኝ የለም። ቅጹም ላይ እንዲህ የሚል መስመር አልነበረም።

ቅዳሜ ጎረቤቶቿ ዕቃቸውን ጭነው ሊወጡ ሆነ። አረንጓዴውን ጨርቅ አይተው እንኳ ልባቸው አልረጋም። እህቴ ግን በየደጁ እየዞረች «ወንድሜ እኮ መርፌው ሥር ነው የሚቀመጠው፤ ነገር ቢኖር እኔን ይደብቀኛል? ይልቅ ዕቃችሁን አውርዱ» እያለች መለሰቻቸው። አወረዱ። እሑድ ረፋዱ ላይ አመዱ ሲመጣ ብዙዎቹ ሮጠው አመለጡ። እግራቸው የማይታዘዝላቸው ሽማግሌው ልብስ ሰፊ ግን ከባለቤታቸው ጋር ቤት ቀሩ፤ አመድ የከበደው ጣሪያ ተደረመሰባቸው። አረንጓዴው ጨርቅ ግራጫ ሆኖ ሁለት ቀን ተሰቅሎ ዋለ።

እህቴ ተርፋ፣ ጣሪያዋን ጠርጋ ቤቷ ተመልሳለች። አንድ ቀን አልወቀሰችኝም። ሊያስተዛዝናት ለመጣ ሁሉ «መሣሪያው ተበላሽቶበት ነው እንጂ ወንድሜ አይዋሽም» ትላለች። መሣሪያው አልተበላሸም ነበር፤ መርፌዋ እስከ መጨረሻዋ ሰዓት ጽፋለች። በሁለት ሰው ሞት እጄ አለበት፤ ይህን ፊት ለፊት ልነግራት ደፍሬ አላውቅም። በጽሑፍ እንዳልልክላትም ዓይኗ ደክሟል። ደብዳቤ ሲመጣላት የሚያነቡላት ልብስ ሰፊው ነበሩ።

እንግዲህ ክቡርነትዎን በትሕትና የምለምነው፣ የምስክር ወረቀቱን ከነክፈፉ እንዲረከቡኝና በአጣሪው ሪፖርት ላይ ከተራራው ቀጥሎ የእኔን ስም እንዲያስገቡልኝ ነው። የእርስዎ ስም ይግባ አይግባ የሚለውን ለታወቀው ልክን የማወቅ ጠባይዎ እተወዋለሁ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባላል፤ እኔ ዘጠኝ ዓመት ሞኙንም ወረቀቱንም ሆኜ አገልግያለሁ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ብለው ቢስቁብኝ አልቀየምም፤ ጅቡ አለመሄዱን ግን ከፊርማዬ በታች ያነቡታል።

ለእርስዎ ጤና፣ ለስፖኪዮዎም ረጅም ዕድሜ እየተመኘሁ፣ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እጅ እነሣለሁ።

እስከ ትናንት ታዛዥዎ የነበርኩት፣
መርፌዋ ሥር የሚቀመጠው

ድኅረ ጽሑፍ፦ ትናንት ዓርብ ከምሳ በኋላ ተላላኪዋ እንደ ወትሮው ሁለቱን ቅጾች አምጥታልኝ ነበር። ወሬ እያወራኋት እጄ ፈርሞ ጨርሶ አገኘሁት፤ ከፊርማዬ በላይ የእርስዎም አለ። ከዚያ ሁሉ በኋላ፣ ክቡር ሆይ፣ እጄ ምንም አልተማረም። ስለዚህ ዛሬ ቅዳሜ በዘጠኝ ዓመቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ቢሮ ገባሁ፤ መርፌዋ እንደገና መስመሯን እያወፈረች ነው። የዛሬውን ቅጽ ዘበኛው ቀድሞኝ ልኮታል፤ የነገው ግን ኪሴ ውስጥ ነው። ለአየር ማረፊያው ደውዬ አውሮፕላኖቹን እንዲያዞሩ ነገርኳቸው፤ ማን ልበል ሲሉኝ «ሲስተሙ ነኝ» አልኩ። ቀጥዬ እህቴ ጋ ደውዬ ጎረቤቶቿን ይዛ እንድትወጣ ነገርኳት። «መሣሪያው ተሠራልህ እንዴ?» አለችኝ። «ተበላሽቶ አያውቅም፣ እትዬ» አልኳት። ስልኩን አልዘጋችውም፤ ዕቃ ሲጫን ይሰማኝ ነበር። የመርፌዋን ወረቀት ጠረጴዛዎ ላይ ትቼልዎታለሁ፤ ሰኞ ያዩታል።