በረኪና የነካው የዘፋኙ ፎጣ

ለምወድሽና ለምትናፍቂኝ እህቴ ለሚጣ፤

እንደምን ሰንብተሻል? ጤናሽ፣ ትምህርትሽ፣ ያ የሚያስቸግርሽ ጥርስሽ እንዴት ነው? ኩርፊያሽስ እንዴት ከረመ? እኔ ካንቺ ናፍቆት በቀር ደህና ነኝ። እጄ በሳሙና ብዛት ተሰነጣጠቀ እንጂ ጤናዬም አይከፋም።

ስልክ በደወልኩ ቁጥር እማዬ ተኝታለች ትለኛለች። ይኸው ሰባት እሑድ ሙሉ ተኝተሻል። ጎሽ፣ እንቅልፍሽ ይባረክ! ግን እኮ ከኋላ የዚያን ዘፋኝሽን ዘፈን ስታንጎራጉሪ እሰማሻለሁ። ስለዚህ ጻፍኩልሽ፤ ደብዳቤ ሲመጣ ተኝታለች አይባልም።

የፎጣውን ነገር ከሥሩ ላጫውትሽ። ያ የምትሞቺለት ዘፋኝ እኔ የምሠራበት ሆቴል ሊያርፍ መሆኑን የነገርኩሽ ቀን፣ ጩኸትሽ ጆሮዬን ሊበጥሰው ነበር። እታለም፣ ምንም ይሁን ምን እሱ የነካውን ነገር ላኪልኝ ብለሽ ለመንሽኝ። እሺ አልኩሽ። በሄደ ማግስት ክፍሉን የምታጸዳው ጓደኛዬ ፎጣዎቹን ተሸክማ ወደ እኛ ልብስ ማጠቢያ ወረደች። አንዱ ላይ ፊቱን የተቀባው ቀለም ከነላቡ ታትሞበታል፤ ቅንድቡ ሳይቀር ይታያል። አለቃችን አየችውና ይሄማ አይለቅም፣ ለወለል መወልወያ ይሁን አለች። ለእህቴ ልውሰደው ስላት ስቃ ፈቀደችልኝ።

ታዲያ አንቺዬ፣ የሰው እድፍ ለእህቴ ልላክ? ስምንት ዓመት ሙሉ እድፍ ሳስለቅቅ የኖርኩ ሴት ነኝ እኮ! አይለቅም መባሉ ደግሞ እልህ አስያዘኝ። በረኪና ውስጥ ዘፈዘፍኩት፤ ሁለት ቀን ምሳ ሰዓቴን ሰውቼ በእጄ ፈተግኩት። ለቀቀ! ተኩሼ፣ አጣጥፌ፣ እንደ ሙሽራ ልብስ ጠቅልዬ ላኩልሽ። ኩራቴን ብታዪው ኖሮ!

የሆነውን ሁሉ እማዬ በኋላ ነገረችኝ። አድናቂዎቹን የክፍልሽን ልጆች በሙሉ ቤት ጠርተሽ፣ በፊታቸው ጥቅሉን ፈታሽው፤ በረኪና ሸተተ። አንዷ ይሄንንማ ከገበያ ገዝተሽው ነው አለችሽ፤ ሌሎቹ ሳቁ፤ ከቡድናቸውም አስወጡሽ። በእኔ ሞኝነት አንቺ ዋሾ ተባልሽ። ስሰማ መጀመሪያ ሳቅ አፈነኝ፤ ወዲያው ግን መጸዳጃ ቤት ገብቼ ስቅስቅ ብዬ አለቀስኩ። ይቅር በይኝ፣ ሚጣዬ።

እውነቱን ልንገርሽ፣ ለአንድ ፎጣ ብላ እንዴት ታኮርፈኛለች ብዬ ተናድጄም ነበር። ሳስበው ግን እኔም ካንቺ አልሻልም። ልብስ የምቀይርበት ቁም ሳጥን በሩ ከውስጥ በኩል ከላይ እስከ ታች ያንቺ ፎቶ ነው። እማዬ የላከችልኝን የድምፅ መልእክት፣ አንቺ ከኋላ ስትስቂ የሚሰማበትን፣ እየደጋገምኩ ስከፍት ልብስ ተኳሿ ጓደኛዬ በቃሽ እንጂ ትለኛለች። አንቺስ አብረውሽ የሚጮኹ ልጆች ነበሩሽ፤ እኔ ብቻዬን ነኝ።

ባለፈው ሳምንት ጫማ ልገዛልሽ ሱቅ ገባሁ። ሻጩ ቁጥሯ ስንት ነው አለኝ። የዘፋኙን ቢጠይቀኝ አርባ ሁለት እለው ነበር፤ ያንቺው ወሬ አስጠንቶኛል። ያንቺን ግን አላውቅም። ስለይሽ ሰባት ዓመትሽ ነበር። ይህን ያህላል ብዬ በእጄ ስለካለት፣ ያሳየሁት የሕፃን እግር ሆነ። ለስንት ዓመት ልጅ ነው ሲለኝ ለአሥራ አምስት አልኩት፤ ያነሳውን የሕፃን ጫማ ወደ መደርደሪያው መለሰ። ባዶ እጄን ወጣሁ። እባክሽ የእግርሽን ቁጥር ጻፊልኝ። ሌላ ምንም ባትጽፊ፣ ቁጥሩን ብቻ።

እማዬን ጉልበቷን ሳሚልኝ፤ ተኝታለች እያለች ስለዋሸችኝ አልተቀየምኳትም በያት። አባዬን መድኃኒቱን በሰዓቱ እንዲወስድ አደራ በይው። ድንቡሼ ወንድማችንን ጉንጩን ቆንጥጪልኝ። ግድግዳሽን በፎቶው ሞልቶታል ለተባለው ዘፋኝም ሰላምታዬን አድርሺልኝ። እሱስ ታድሏል፤ ጠዋት ጠዋት ስትነሺ ያይሻል።

የምትናፍቅሽ እህትሽ
ከሆቴሉ ልብስ ማጠቢያ ክፍል
ኅዳር 9 ቀን 2016 ዓ.ም.