ባቄላ የምታህል ማዳመጫ

ሮስቪታዬ፣

በዚህ ፖስትካርድ ላይ ያለው የሂደንዜ ደሴት መብራት ማማ ቆንጆ ነው፤ እኛ ግን የምንቀርጸው ከጀርባው፣ ንፋሱ ጥርስ በሚያንቀጫቅጭበት በኩል ነው።

ዛሬ ጠዋት ዳይሬክተሯ ስቬንያ ባቄላ የምታህል ማዳመጫ ይዛ መጣች። "ጋሽ ሄኒንግ፣ ይቺን ጆሮዎ ውስጥ ያድርጓት፤ ቃል ሲጠፋዎት ከኋላ እናቀብልዎታለን።"

"ሞቼ እገኛለሁ!" አልኳት።

"መሞቱንማ ለምደውታል" አለችኝ። ዕድሜዬን ሙሉ በየወንጀል ፊልሙ ሬሳ ሆኜ እንደኖርኩ ታውቃለቻ!

ቀረጻው ተጀመረ። በፊልሙ ዓሣ አጥማጅ ነኝ፤ ባሕር ለበላው ልጄ የምናገረው ቃል ድራሹ ጠፋ። እኛ ትያትር ቤት ቢሆን፣ ቃል ለጠፋው ተዋናይ ከምታስታውሺባት፣ ከመድረኩ ሥር ካለችው ሣጥንሽ ሆነሽ ሹክ ትዪኝ ነበር። እዚህ ያለው ባሕሩ ብቻ ነው። ዝም ብዬ አየሁት። ቆየሁ። ቃሉ ራሱ መጣ።

ስቬንያ እንባዋን እየጠረገች "ያቺን ዝምታ አንዴ ይድገሙልኝ!" አትለኝም? እንዴት አድርጌ ልድገማት? አሁንማ ቃሉን አስታወስኩት!

በስተርጅና ሕያው ሰው ሆኜ እንድጫወት ሲፈቀድልኝ በሌላ ሰው አፍ አልናገርም። ነገ ረጅሙ ንግግር ነው። ቢጠፋኝም ቆሜ እጠብቀዋለሁ።

ቦታ አለቀብኝ። ለባልሽ ለኡልሪሽና ለዚያ ነጭናጫ ድመታችሁ ሰላምታ። ፊልሙ ሲወጣ ፊት ወንበር ላይ ተቀመጪ። ዝም ስል ካየሽ ግን፣ አደራሽን፣ ከንፈርሽን እንዳታንቀሳቅሺ።

ሄኒንግ