ከግንዱ ሥር የወደቀው

ለልጄ ለኢሳቡሮ፤ የአባትህ ነፍስ ከሳይቤሪያ ብርድ ትከልልህ። እኔ እናገራለሁ፣ እህትህ ፉሚ ትጽፋለች። ሩዙ ታጭዷል፤ ደህና ነን።

ትናንት ትምህርት ቤቱ ውስጥ ስለ እናንተ ስለ ምርኮኞቹ የተሠራ ፊልም አሳዩን። አንዱ በረዶ ላይ ግንድ ሲጎትት ወደቀ። ብድግ ብዬ «ተነስ ልጄ፣ ሳያዩህ ተነስ!» ብዬ ጮኽኩ። ጎረቤታችን ቶሜ «ኧረ ተቀመጪ፣ አንቺ ሴትዮ! ተዋናይ እኮ ነው፤ ይሄኔ ቶኪዮ እራቱን እየበላ ነው» ብላ ሰው አሳቀችብኝ።

እሱስ ይብላ። አንተንስ ማን ያነሳሃል?

ቤት ስገባ፣ በየቀኑ ላንተ የማስቀምጠውን የሩዝ ሳህን ከፈትኩ። ክዳኑ ውስጥ የእንፋሎት ላብ ከተገኘ ሳህኑ የተቀመጠለት ሰው ደህና ነው ይባላል፤ የትናንቱ ግን ደረቅ ነበር። እባክህ፣ ስምህን ብቻ እንኳ ጽፈህ ላክልኝ። በእግርህ ቆመህ ለደጃችን ያብቃህ።

እናትህ

ወንድሜ፣ ይህን የጨመርኩት እሷ ሳታይ ነው፦ ከነገ ጀምሮ ክዳኑን በውሃ አረጥበዋለሁ። አንተ ብቻ ኑር።